ቢላ አይንካው

ጅዳ ላይ ሰባት ዓመት ይህን ዳቦ ጋገርኩት፤
ለማዳም ልጆች ቁርስ በየጁምዓው አቀረብኩት፤
እነሱ በልተው ሲነሡ፣ ከትሪው ግርጌ
ፍርፋሪውን በጣቴ ጫፍ ጠርጌ
እንደ ሌባ ቀመስኩት።

ዛሬ የራሴ ነው፤ ዱቄቱም፣ ጎድጓዳው ሳህኑም፣
ከሰኞ ገበያ የገዛሁት የቀረፋ እንጨቱም።
ሻጩ "ለሻይ ነው?" አለኝ፤ "ለዳቦ" ስለው ሳቀ፤
"ቀረፋ በዳቦ! ወይ ዘመን!" አለና አንድ እፍኝ መረቀ።
በእናቴ ሙቀጫ ወቀጥኩት።
እሷ የለችም። ሙቀጫው ግን አለ፤
ተሰንጥቆ፣ በሽቦ ታስሮ፣ ዛሬም ሥራ ላይ ዋለ።

ወተቱን ለብ አደረግሁ፤ እርሾውን በተንኩበት፤
ክንዴ እስኪዝል አሸሁት፣ እያነሳሁ ጣልኩት።
ደሴ ግን ጅዳ አይደለችም።
ጉሙን ተከናንቦ ደጃችን ድረስ ሲወርድ ጦሳ፣
እርሾው አንድ ዐይኑን ገልጦ አየና
መልሶ ተኛ፣ እንደ ሰነፍ ደረሳ።
አንድ ሰዓት ጠበቅሁ። ሁለት። ሊጡ ወይ ፍንክች!
"ምን ሆነብሽ?" አለ አባቴ፣ ከመደቡ ሳይነሳ።
"ሊጥ ነው አባ፤ በረደው።"
"ሰው ሲበርደው ምን ይደረጋል? አምጪው ወዲህ፣ እኔ ልያዘው።"
ጋቢውን ገለጥ አድርጎ፣ ጎድጓዳውን በጉልበቱ መሃል አቀፈው።

እኔ ስሄድ እንዲህ አላቀፈኝም።
መናኸሪያ ድረስ አልሸኘኝም።
"ሂጂ" አለኝ፣ ግድግዳውን እያየ።
ግድግዳው ላይ ምን እንዳየ
ጠይቄው አላውቅም።

ሬዲዮ እያዳመጠ፣ ሊጡን እንደታቀፈ
እኩለ ቀን አለፈ።
ድንገት "ነይ! ነይ!" ብሎ ጠራኝ፤
ሊጡ ከጋቢው ስር አብጦ፣ የሳህኑን ጠርዝ ዘሎ፤
"ይተነፍሳል እኮ!" አለኝ፣ መዳፉን ከላዩ ጥሎ።

ቆራረስኩት፤ ሎሚ ሎሚ አሳከልኩት፤
ከቦረና ቅቤ ነክሬ፣ በስኳርና ቀረፋ አንከባለልኩት፤
ትከሻ ለትከሻ፣ አንዱን ባንዱ ላይ ከመርኩት።
የእህቴ ልጅ ሙባረክ ይቆጥራል፤ "አርባ... አርባ አንድ..."
አርባ ሁለተኛው አፉ ውስጥ ስለገባ
ቆጠራው እዚያ ላይ ቆመ።

ኦቨኑ ገና ሲግል መብራት ሄደ።
ሰፈሩ በአንድ አፍ "ውይ!" አለ።
ጅዳ መብራት አይሄድም ነበር፤
ሰው ነው ሄዶ የሚቀር።

እትዬ አረጋሽ ከአጥሩ ወዲያ፣ የጋለ ከሰል በጣሳ አሻግራ፣
"ከታች እሳት፣ ከላይ እሳት፤ እንደ ድፎ ዝጊበት፤
ይሄ የባሕር ማዶ ዳቦ አማርኛ ይማርበት!"
"ነይ እንብላ" ስላት፣ "ዓርብ ነው እኮ፤ ቅቤ አልበላም፤
እዚሁ ቆሜ ላሽትት፤ ሽታ ጾም አያስገድፍም።"

ስከፍተው፣
ከስሩ በአንድ ጎን አሯል።
ከላይ ግን ስኳሩ ቀልጦ፣ እንደ ሰፈፍ ተጋግሯል።
"ቢላ አምጡ" አለ አባቴ።
"ቢላ አይንካው አባ። በእጅ ነው፤ ይዘህ ሳበው።"
ሳበው።
አንዱን ሲስበው ጎረቤቱ "አልለቅም" ብሎ አብሮ መጣ፤
ከመሃላቸው እንፋሎቱ ቀረፋ ቀረፋ እያለ ወጣ።

"ስሙ ማነው?" አለ ሙባረክ፣ አፉ ሞልቶ።
ማዳም የምትጠራበትን አውቃለሁ።
አልነገርኩትም።

አባቴ ምንም ሳይል
ያረረውን ወደ ራሱ ሳበ፤
መሃሉን፣ ለስላሳውን፣ ወደ እኔ ገፋ።
ለካ መሃሉ እንዲህ ነው።

መብራት መጣ።
ቀና ያለ የለም።